ከፒያሳ ጀርባ፦ የአንድ የእግር ጉብኝት የጉዳይ ጥናት

አዲስ አበባን ለእንግዳ የማሳየት ሥራ ለረጅም ጊዜ የጸና መንገድ ነበረው። እንግዳው ጠዋት እንጦጦ ይወጣል፤ ሲመለስ ብሔራዊ ሙዚየምንና የቅድስት ሥላሴ ካቴድራልን ያያል፤ ከምሳ በኋላ መርካቶን ከመኪና ሳይወርድ ይቃኛል፤ ማታ ባህላዊ ምግብ ቤት ተቀምጦ እስክስታ እያየ ያመሻል። የአንድነት ፓርክ በ2012 ዓ.ም.፣ የዓድዋ ድል መታሰቢያ ደግሞ በ2016 ዓ.ም. ተመርቀው ለሕዝብ ክፍት ከሆኑ ወዲህ ዝርዝሩ ረዝሟል እንጂ አካሄዱ አልተለወጠም። ከአንዱ የጉብኝት ስፍራ ወደ ሌላው ሲታለፍ መሀል ላይ ያለው መንደር መተላለፊያ ብቻ ሆኖ ይቀራል፤ ሰው ይኖርበታል፣ የራሱም ታሪክ አለው፣ ሆኖም ወርዶ የሚያየው የለም።

ይህ ጽሑፍ የሚመለከተው ከአራዳ ጊዮርጊስ እስከ አራት ኪሎ ባለው የከተማዋ እምብርት ውስጥ እነዚህኑ መንደሮች በእግር ያስጎበኘ አንድ የጥቅምት ቅዳሜ ጉዞ ነው። ጉዞውን የተከታተልኩት አስጎብኚው ራሱ መንገዱን አይቼ አስተያየት እንድሰጠው ስለጠየቀኝ ነው። የተጓዦቹንም ሆነ የነዋሪዎቹን ስም አልጠቅስም፤ ወደ ውስጥ የዘለቅንበትን ግቢ አድራሻም አላመለክትም፤ ነዋሪዎቹ በር ሲከፍቱልን ያስቀመጡት ቅድመ ሁኔታ ይኸው ነበርና።

ተጓዦቹና ደንቡ

ከተጓዦቹ መካከል አንድም የውጭ አገር ዜጋ አልነበረም። አብዛኞቹ በአንድ መሥሪያ ቤት አብረው የሚሠሩ፣ በአያት፣ በጀሞና በቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየሞች የሚኖሩ ወጣቶች ናቸው። አዲስ አበባ ተወልደው ያደጉ ቢሆኑም ፒያሳን የሚያውቋት በወርቅ ቤቶቿ፣ በኬክ ቤቶቿና በታክሲ ተራዋ ነው። ከእነርሱ ጋር ከአሜሪካ ለእረፍት የመጡ ባልና ሚስት ነበሩ። አንደኛዋ ሠራተኛ ደግሞ ሠራተኛ ሰፈር ተወልደው ያደጉትን ጡረተኛ አባቷን ይዛ መጥታለች። እኚህን አዛውንት ሁሉም «ጋሼ» ይሏቸው ስለነበር እኔም እንዲሁ እላቸዋለሁ።

አስጎብኚው ፈቃድ ያለው፣ በመደበኛ ሥራው እንግዶችን ወደ ላሊበላና ወደ አክሱም የሚወስድ፣ አራት ኪሎ አካባቢ ያደገ የሠላሳዎቹ ዕድሜ ሰው ነው። ለሰፈር ጉብኝቱ ያወጣው ደንብ አንድ ነው፦ ቆመን የማናየውን አንተርክም። ደንቡ የመነጨው ከምሬት ነው። በእርሱ አባባል የፒያሳ ወግ ከመጠን በላይ ይጣፍጣል፤ የውቤ በረሃ ሌሊቶች፣ የአራዳ ልጆች ጉራ፣ ሰው «ሰይጣን ቤት» ብሎ የሰየመው የመጀመሪያው ሲኒማ፣ ሁሉም ለአስጎብኚ አፍ የተመቸ ነው። ተራኪው ይጨምራል፣ ሰሚው ይስቃል፣ ከተባለው ውስጥ የትኛው እውነት እንደሆነ የሚያጣራ ግን የለም። ስለዚህ በር፣ ግንብ፣ በረንዳ ወይም ደረጃ ሊያሳይበት የማይችለውን ታሪክ ከመንገዱ አውጥቶታል።

ደንቡ በወረቀት ላይ የሚያስመሰግን ነው። ጥያቄ የሚያስነሳው በአራዳ ላይ ሲውል ነው። በ2016 ዓ.ም. በተጀመረው የኮሪደር ልማት በፒያሳ ዙሪያ የነበሩ መንደሮች በከፊል ወይም ሙሉ በሙሉ ፈርሰዋል፤ አስጎብኚው ቀድሞ ይሄድበት የነበረው መስመር እኩሌታ ዛሬ የለም። በዓይን የሚታየውን ብቻ የሚተርክ ጉብኝት፣ የሚታየው ነገር በፈረሰበት ስፍራ ምን ይላል? ይህን ጥናት ለመጻፍ የወሰንኩት ለዚህ ጥያቄ የተሰጠው መልስ በአንድ ጠዋት ውስጥ በተለያየ ቦታ የተለያየ ሆኖ ስላገኘሁት ነው።

ገበያ የሌለው አራዳ

ጉዞው የተጀመረው ምኒልክ አደባባይ ላይ ነው። አስጎብኚው ተጓዦቹን ፊታቸውን ወደ ሐውልቱ ሳይሆን ጀርባቸውን አስጥቶ አቆማቸው። ስለ ፈረሰኛው ሐውልት የተናገረው ጥቂት ነው፤ በጥቅምት 1923 ዓ.ም.፣ በዐፄ ኃይለ ሥላሴ የዘውድ በዓል ዋዜማ ተመረቀ፣ ጣሊያኖች ነቅለውት ነበር፣ ከነጻነት በኋላ ወደ ስፍራው ተመለሰ። ስለ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያንም እንዲሁ አሳጠረ። ታቦቱ ዓድዋ መዝመቱን፣ ስምንት ማዕዘኑ ሕንፃ ከድሉ በኋላ መሠራቱን፣ በወረራው ዘመን መቃጠሉን፣ ንግሥት ዘውዲቱም ዐፄ ኃይለ ሥላሴም ዘውድ የጫኑት እዚያ መሆኑን በሁለት ደቂቃ ጨረሰ። «ይህን ማንም መጽሐፍ ላይ ታገኙታላችሁ» ሲል ጥቂት ትዕቢት የተሰማበት ቢሆንም፣ ጊዜውን ለምን እንደቆጠበ ወዲያው ገባኝ።

ሊያሳይ የፈለገው የአራዳ ገበያን ነው። ከተማዋ በ1879 ዓ.ም. ከተቆረቆረች በኋላ ዋናው ገበያ የነበረው ዛሬ ታክሲ በሚዞርበት በዚህ ስፍራ ሲሆን፣ እህል፣ ቅቤ፣ ከብት፣ ጨው፣ ጠመንጃም ሳይቀር እዚህ ይሸጥ ነበር። ጣሊያኖች ከተማዋን የነጭና የጥቁር ብለው ለመክፈል ሲያቅዱ ፒያሳን ለራሳቸው አስቀርተው የአገሬውን ገበያ ወደ ምዕራብ አሻገሩት፤ መርካቶ የምንለው ከዚያ ውሳኔ የተወለደ ነው። ከወጣቶቹ አንዱ «መርካቶ እዚህ ነበር ማለት ነው?» ብሎ ጠየቀ፤ ጥያቄው የሞኝ አይደለም፤ መርካቶ ከአዲስ አበባ ጋር አብሮ የተፈጠረ የሚመስለን ብዙዎች ነን።

ይሁንና ገበያው አይታይም። አስጎብኚው ደንቡን ላለማፍረስ ማስረጃ ያደረገው ከየአቅጣጫው መጥተው አደባባዩ ላይ የሚገናኙትን መንገዶችና ከአደባባዩ ወደ ፒያሳ መሀል የሚዘልቀውን የወርቅ ቤቶች ሰልፍ ነው። መንገድ እግር በለመደው ይሄዳል፣ ንግድም ደንበኛ በለመደው ቦታ ይቀራል የሚል ሐሳብ ነው። ማስረጃው ቀጭን ነው። ከላይ ያለው የማዘጋጃ ቤት ሕንፃ፣ በ1950ዎቹ በአርቱሮ መዘዲሚ ንድፍ የተሠራው፣ የአደባባዩን ገጽታ በእጅጉ ስለለወጠው የድሮውን ገበያ ስፋት በዓይነ ሕሊና መሳል ቀላል አይደለም። የሆነ ሆኖ ተጓዦቹ ከዚያ በኋላ መንገድ ባቋረጡ ቁጥር የመንገዱን አመጣጥ መጠየቅ ጀመሩ፤ ደንቡ ይህን ያህል ጠቅሟል።

እቴጌ ሆቴልን ያለፍነው በችኮላ ነው። በምኒልክ ዘመን የተከፈተው ይህ የአገሪቱ የመጀመሪያ ሆቴል ጥር 3 ቀን 2007 ዓ.ም. በደረሰበት ቃጠሎ ከፊሉ ወድሟል። አስጎብኚው ተጓዦቹ የእንጨት ደረጃውን እየረገጡ ድምፁን እንዲያዳምጡ ከማድረግ በቀር ብዙ አልቆየበትም።

ግድግዳው

ከዚያ ወደ ራስ መኮንን ድልድይ በሚያወርደው አካባቢ ከሚገኙት ጠባብ መግቢያዎች በአንዷ ገባን። አስጎብኚው ሐሙስ ዕለት መጥቶ ፈቃድ ጠይቋል። ተጓዦቹ በሁለት ተከፍለው እንዲገቡ፣ ስልክ ከኪስ እንዳይወጣ፣ ሰው ተቀምጦ ከሆነ ቆመው ቁልቁል እንዳያዩ ተነግሯቸዋል። የመጨረሻዋን ትእዛዝ ከየትኛውም የአስጎብኚዎች መመሪያ ላይ አላነበብኳትም፤ በጠባብ ግቢ ውስጥ ግን ከሁሉም የምትበልጠው እርሷ ናት።

ግቢው መሀል የቆመው ባለ አንድ ፎቅ አሮጌ ቤት ነው። ምድር ቤቱ ድንጋይ፣ ፎቁ የእንጨትና የጭቃ፣ ዙሪያውን በእንጨት በረንዳ የተከበበ፣ የጣሪያው ክፈፍ በመጋዝ እንደ ዳንቴል የተጠረበ ነበር። ዛሬ በረንዳው በቆርቆሮና በኮምፔርሳቶ ተዘግቶ ክፍል ሆኗል፤ አንድ ቤተሰብ ይኖርበት የነበረው ቤት ለብዙ አባወራዎች ተከፋፍሏል፤ ግቢው ውስጥ ማድ ቤቶች ተቀጥለዋል፤ ቧንቧውና መጸዳጃው የጋራ ነው።

አስጎብኚው ያቆመን ከበረንዳው ሥር፣ ምርጊቱ ከተራገፈበት የግድግዳው ጥግ ነው። ከላይ ሰማያዊ የዘይት ቀለም አለ፤ ከሥሩ ቀለሙ የጠፋ ኖራ፤ ከኖራው ሥር እጅ ያለሰለሰው ስስ ጭቃ፤ ከዚያ የጤፍ ጭድ የተቀላቀለበት ሸካራ ምርጊት፣ ጭዱ ዛሬም የሚያብለጨልጭ፤ በመጨረሻ ደግሞ ቋሚውና ማገሩ፣ ባህር ዛፍ። በአንዳንድ ቦታ ማገሩ የታሰረው በልጥ ነው፤ በኋላ የተጠገነው ክፍል ላይ ሚስማር ገብቷል። እያንዳንዱ ተጓዥ ጣቱን አስገብቶ ነካው።

ከዚህ በመነሣት የሰጠው ማብራሪያ ከጠዋቱ ሁሉ የተሻለው ነበር። አዲስ አበባ በተቆረቆረች በጥቂት ዓመታት ውስጥ በዙሪያዋ የነበረው ደን ለማገዶና ለቤት መሥሪያ አልቆ ከተማዋን ወደ አዲስ ዓለም የማዛወር ሐሳብ እስከመምጣት ደርሶ ነበር። ቀደም ሲል ሠራዊትና መኳንንት እንጨት ባለበት ይሰፍራሉ፤ ሲያልቅ ድንኳን ነቅለው ይሄዳሉ። በምኒልክ ዘመን ከውጭ የገባውና ፈጥኖ የሚያድገው ባህር ዛፍ ያንን ልማድ አስቀረ። ስለዚህ ይህ ቀጥ ያለ፣ ቀጭን፣ ልጡ ያልተላጠለት ቋሚ የቤቱ ምሰሶ ብቻ ሳይሆን ዋና ከተማው ሳይነቀል የቀረበት ምክንያት ነው። በሙዚየም መስታወት ሥር የተቀመጠ ነገር ይህን ያህል አያስረዳም ባይ ነኝ፤ ቢያንስ ለእነዚያ ወጣቶች አላስረዳም ነበር፤ ባህር ዛፍን የሚያውቁት ለሕንፃ ሥራ በሚቆመው መወጣጫ ነው።

እዚህ ላይ የቤቱ ነዋሪ የሆኑት እማማ ከጓዳቸው ወጡ። አስጎብኚው በረንዳው ተዘግቶ ክፍል የሆነው በደርግ ጊዜ መሆኑን ሲናገር ሰምተውት ነበር።

«የለም ልጄ፣ እኔ ስገባ ክፍት ነበር። ደርግ ቤቱን ወረሰው እንጂ በረንዳውን አልዘጋም። የዘጋነው እኛ ነን፣ ልጆቹ ሲበዙብን።»

እርማቷ ትንሽ ትመስላለች፤ የቤቱን ታሪክ ግን ትቀይራለች። በሐምሌ 1967 ዓ.ም. የወጣው የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት ያደረገው አዋጅ ቁጥር 47 እንዲህ ያለውን ቤት ከባለቤቱ ወስዶ ወርሃዊ ኪራዩ ከመቶ ብር በታች የሆነውን ለቀበሌ አስረክቧል። ከዚያ በኋላ ያለው ጊዜ ቤቱን ጠብቆታልም ጎድቶታልም። ኪራዩ ለአንድ ጊዜ ቡና መግዣ የማይበቃ በመሆኑ የገባ አይወጣም፤ ቤቱ የራሱ ባለመሆኑና ለማደስ ፈቃድ ስለሚያስፈልግ የሚጠግነው የለም፤ ቤተሰብ ሲሰፋ ደግሞ በረንዳ ይዘጋል። ባለሀብት እጅ ቢሆን ኖሮ ይህ ክፈፍ ገና ድሮ ወርዶ ፎቅ ይቆምበት ነበር፤ የሚገባውን እንክብካቤ ቢያገኝ ኖሮ ደግሞ ምርጊቱ አይራገፍም ነበር። ይህን ሁሉ የተረዳነው ከአዋጁ ቁጥር ሳይሆን እማማ በረንዳውን ማን እንደዘጋው ስለነገሩን ነው።

ቡና አይፈላም ተብሎ ከሐሙስ ጀምሮ ስምምነት ነበር። እማማ ግን «ሰው ደጄ መጥቶ አቦል ሳይቀምስ አይሄድም» ብለው ረከቦታቸውን ዘርግተዋል። ሁለት ቡድን ማስተናገድ የታቀደውን ሰዓት አዛነፈው፤ አስጎብኚው ሰዓቱን ደጋግሞ ቢያይም ተቀመጠ፤ ማስነሣት ነውር ነው። በዚህ መሀል ከአሜሪካ የመጣው ሰውዬ በቅንነት ኪሱ ገብቶ አጠገቡ ለቆመ ሕፃን የብር ኖት ዘረጋለት። እማማ ፊታቸው ተለወጠ።

«የኔ ልጅ፣ እባክህ ለእሱ ብር አታሳየው። ነገ ከትምህርት ቤት ቀርቶ እንግዳ ሲጠብቅ ይውላል።»

ሰውየው ደነገጠ፣ ብሩንም መለሰ። ሚስቱ በኋላ እንዳጫወተችኝ፣ ጉብኝቱ ሲያልቅ ትዝ የሚላቸው ካቴድራሉም ሆቴሉም ሳይሆን ይህ ተግሣጽ ነው።

አስፋልቱ

እስከዚህ ድረስ ደንቡ ሠርቷል። የተሰናከለው ዶሮ ማነቂያ የነበረበት ስፍራ ስንደርስ ነው።

አስጎብኚው ያቀደው ሳይቆም ለማለፍ ነበር። በእርግጥም የሚያሳየው ነገር አልነበረውም፤ ሰፊ የእግረኛ መንገድ፣ የብስክሌት መስመር፣ አዳዲስ የመንገድ መብራቶች፣ ውሃ የሚጠጡ አበቦች፤ የትኛውም የታደሰ የከተማዋ ክፍል ይህንኑ ይመስላል። «እዚህ ዶሮ ማነቂያ ነበር፤ አሁን ወደ ድልድዩ እንሂድ» ብሎ እርምጃውን ቀጠለ። ጋሼ አልተንቀሳቀሱም።

«ቆይ እስቲ፤ ወዴት ነው የምንሮጠው?» አሉ። «ግድግዳ ለማየት ያን ያህል ቆመን፣ ሰው የኖረበትን በአንድ ቃል ታልፈዋለህ?»

አስጎብኚው በአክብሮት የደንቡን ምክንያት አስረዳቸው። እርሳቸውም ዱላቸውን አንሥተው መልስ ከመስጠት ይልቅ ማመልከት ጀመሩ፤ መግቢያው ከዚህ፣ ሥጋ ቤቶቹ በዚህ በኩል፣ ጠጅ ቤቱ ከውስጥ፣ ልብስ ሰፊው ከዚያ ወዲህ፣ ዝናብ ሲጥል ጎርፉ የሚወርደው በዚህ። ወጣቶቹ ያዳመጧቸው እንደ ተረት ነበር፤ ያ ሁኔታ የተለወጠው አንዷ ሠራተኛ «እኔ እኮ እዚህ ጥብስ በልቻለሁ፤ ደመወዝ ስንቀበል ከቢሮ ተሰብስበን እንመጣ ነበር» ስትል ነው። ሌላዋም ቀጠለች፦ በምትኖርበት ኮንዶሚኒየም ጎረቤቷ የሆኑት እናት ከፒያሳ የተነሡ ናቸው፤ ለቅሶ ሲኖር ሁለት ታክሲ ይዘው ወደ ድሮ ሰፈራቸው ሰዎች ይሄዳሉ። ከዚያ በኋላ አስፋልቱ ላይ የተደረገው ውይይት ከየትኛውም ማረፊያ የረዘመ ሆነ።

ጋሼ ያለፈውን አላሳመሩትም። «ያ ቤት ተመልሶ ቢሠራ አድሬበት አልነቃም፤ ሽንት ቤቱን የምታውቅ ታውቀዋለች» ብለው ሴት ልጃቸውን ሳይቀር አሳቋት። ቅሬታቸው ሌላ ነው። የአቡነ ጴጥሮስ ሐውልት በ2005 ዓ.ም. ለከተማው ባቡር ሥራ ከስፍራው ተነሥቶ በ2008 ዓ.ም. ተመልሶ መቆሙን አስታውሰው፣ ለድንጋይ መመለሻ ቀን ከተቆረጠለት ለጎረቤታሞች አንድ ላይ የሚሰፍሩበት መንገድ ሊታሰብ ይገባ ነበር አሉ። ከወጣቶቹ አንዱ አልተስማማም፤ አሮጌ ሰፈር ሁሉ ቅርስ አይደለም፣ በቆሻሻ ውኃና በእሳት አደጋ ሥር ለኖረ ሰው ዘመናዊ ቤት ማግኘት ቀላል ነገር አይደለም ሲል ተከራከራቸው። ክርክሩ አልተቋጨም፤ አስጎብኚውም ለመቋጨት አልሞከረም፤ በዚህ ጥሩ ማስተዋል አሳይቷል።

በእኔ ግምት የደንቡ ጉድለት የተገለጠው እዚህ ላይ ነው። ደንቡ የወጣው የሰሚ ሰሚ ወሬን ለመከላከል ነው። የዶሮ ማነቂያ ነገር ግን የሰሚ ሰሚ አይደለም፤ ምስክሮቹ በሕይወት ያሉ፣ አንዳንዶቹም ከተጓዦቹ መካከል የቆሙ ናቸው። ግድግዳ በዓይን እንደሚታይ ሁሉ በስፍራው የኖረ ሰውም በዓይን ይታያል፤ እማማ ስለ በረንዳው የተናገሩትን እንደ ማስረጃ የተቀበለ አስጎብኚ የጋሼን ዱላ የማይቀበልበት ምክንያት የለውም። ከዚህም በላይ፣ ሳይቆሙ ማለፍ በራሱ አንድ ነገር ይናገራል፤ እንግዳው እዚህ ምንም አልነበረም ብሎ ይሄዳል። ውቤ በረሃን በተመለከተ ግን ደንቡ እንዳለ ሊጸና ይገባዋል፤ የዚያን ዘመን ሌሊት ያየ ሰው እየጠፋ፣ አይቻለሁ የሚል ሰው ግን እየበዛ ነው።

ከድልድዩ ማዶ

የአርመን ሰፈር ለአስጎብኚው እፎይታ ሆነለት። አልጋ ወራሽ ተፈሪ መኮንን በ1916 ዓ.ም. ኢየሩሳሌም ላይ ያገኟቸውን አርባ የአርመን ወላጅ አልባ ልጆች ወደ አዲስ አበባ እንዳመጧቸው፣ ልጆቹም የንጉሣዊው የናስ ሙዚቃ ጓድ እንደሆኑ፣ አብሯቸው የመጣው ኬቮርክ ናልባንዲያን እስከ 1967 ዓ.ም. ያገለገለውን የብሔራዊ መዝሙር ዜማ እንደደረሰ የተናገረው በአርመን ቅዱስ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ቆሞ ነው። ቤተ ክርስቲያኑ በዚያ ሰዓት ዝግ ነበር። ከአጥሩ ማዶ የሚታየውን የአርመንኛ ጽሑፍ ግን ተጓዦቹ እንዲያነቡ ጠየቃቸው፤ ሁለቱ ከሩቅ ግዕዝ መስሏቸው ፊደል መቁጠር ጀምረው ነበር። የሁለቱ ፊደላት መመሳሰል ለሊቃውንቱም ቢሆን የቆየ መነጋገሪያ ነው። ጊዜ ስላለቀ፣ በዙሪያው ካሉት የአርመን ነጋዴዎችና የእጅ ባለሙያዎች የእንጨት ቤቶች መካከል የታየው አንድ ብቻ ነው። ይህ ሰፈር የራሱ ጉብኝት ይገባዋል።

ወደ አራት ኪሎ ስንወጣ፣ ቤተ መንግሥቱ ቅርብ ስለሆነ፣ ስልኮች ሁሉ ወደ ኪስ ገቡ። ጉዞው በሚያዝያ 27 ሐውልት ሥር ተጠናቀቀ።

ክፍያው

ስለ ገንዘቡ መናገር የሚያስፈልገው አብዛኛው የሰፈር ጉብኝት የሚበላሸው በዚህ ስለሆነ ነው። ተጓዦቹ የከፈሉት ለአስጎብኚው በአንድ ላይ ነው። ከዚያ ላይ ለግቢው የሚደርሰው ድርሻ የሚሰላው በሰው ቁጥር ሳይሆን በጉብኝት ነው፤ አሥር ሰው መጣ አምስት ሰው መጣ ክፍያው ያው ነው። ይህን ያሉት የግቢው ሴቶች ናቸው፤ በነፍስ ወከፍ ከሆነ ብዙ ሰው እንዲመጣ መመኘት እንጀምራለን፣ ከዚያ ግቢው የእኛ መሆኑ ይቀራል ብለው። ገንዘቡን የሚይዙት በተራ ነው፤ ከእርሱም ላይ የቧንቧው ሂሳብ ይከፈላል። በበዓል ዋዜማና ግቢው ውስጥ ሐዘን ሲኖር ማንም አይገባም። እንዲህ ዓይነቱን ስምምነት በጽሑፍ ማድረግ ይሻላል የሚል ምክር ሰጥቼ ነበር፤ ሴቶቹ አልፈለጉም፤ ወረቀት ካለ የሚጠይቅ ይመጣል አሉ። የኪራይ ቤት ነዋሪ ስለሆኑ ፍርሃታቸው መሠረት የለውም ማለት አልችልም።

ከጉዞው በኋላ አስጎብኚው በመንገዱ ላይ ሦስት ለውጦችን አድርጓል። ቡናው የመርሐ ግብሩ አካል ሆኗል፤ ጊዜውም በእቴጌ ሆቴልና በአደባባዩ ላይ ከሚባክነው ተቆርጧል። ለሕፃናት ገንዘብ አለመስጠት አሁን የሚነገረው ከመግባት በፊት ነው። ሦስተኛው ስለ አስፋልቱ ነው። በአካባቢው የኖረ ሰው አብሮ ካለ ይቆማል፤ ተናጋሪውም እንደ አስጎብኚ ይከፈለዋል፤ እንዲህ ያለ ሰው ከሌለ ግን አስጎብኚው የሰፈሩን ስምና የፈረሰበትን ዓመት ብቻ ተናግሮ ያልፋል። ይህን የመጨረሻውን እኔ አልደግፈውም፤ የነዋሪዎችን ቃል አስቀድሞ በድምፅ ቀርጾ በስፍራው ማሰማት ይቻል ነበር። እርሱ የሚለው የተቀረጸ ድምፅ ጥያቄ አይመልስም ነው።

ጋሼ በዚህ ደንብ አስፋልቱ ላይ ሊናገሩ ተስማምተዋል፤ ስምምነቱም ጸንቷል፤ የወሩን የመጀመሪያ ቅዳሜ ግን አይመጡም። የሠራተኛ ሰፈር ሰዎች በየአቅጣጫው ቢበተኑም ዕድራቸውን አላፈረሱም፤ ስብሰባውም በዚያ ቀን ነው፤ የቀረ ደግሞ ይቀጣል።